ስለ እስፓንያዊው የፊልም ሠሪ ስለ ፔሬ ፖርታቤላ



ሲኒማ ቤት ገብተን ስንቀመጥ የተዋንያኑን ስም እንጂ፥ ገንዘቡን አውጥቶ ኀላፊነቱን የተሸከመው ሰው ማን እንደ ሆነ አንጠይቅም። ዛሬ የማነሣላችሁ ግን በካታሎንያ፥ ፊጌሬስ በተባለች ከተማ የተወለደውን ፔሬ ፖርታቤላን ነው። ዓመቶቹን የምጠራው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

ፖርታቤላ «ፊልምስ 59» የተባለውን ድርጅት ያቋቋመው ጀኔራል ፍራንኮ እስፓንያን በሚገዙበት ዘመን ሲሆን፥ በዚያን ጊዜ የፊልም ጽሑፍ ሁሉ አስቀድሞ በሳንሱር ፊት ይቀርብ ነበር። ድርጅቱ ከሌሎች ጋር ተባብሮ ካሠራቸው ፊልሞች አንዱ ስመ ጥሩው ሉዊስ ቡኙኤል ያዘጋጀው «ቪሪዲያና» ነው። ሳንሱሩ የፊልሙን ፍጻሜ አልወደደውም፤ ልጅቱ የአጎቷን ልጅ በር አንኳኩታ ትገባና በሩ ይዘጋል የሚል ነበርና። ቡኙኤልም እሺ ብሎ ለወጠው፤ ሁለቱ ከቤት ሠራተኛይቱ ጋር ሦስት ሆነው ካርታ እንዲጫወቱ አደረገ። ፍርዱን ለእናንተ እተዋለሁ፤ ለእኔ ግን የታረመው ከቀድሞው ይልቅ የሚያሳፍር ይመስለኛል።

ፊልሙ በ1961 በፈረንሳይ አገር በካን ከተማ የወርቅ ዘንባባ ተሸለመ። መድረክ ወጥተው ሽልማቱን የተቀበሉት የእስፓንያ መንግሥት የሲኒማ ዋና ዲሬክተር፥ ሆሴ ሙኞዝ ፎንታን ነበሩ። ወዲያውም የቫቲካን ጋዜጣ ፊልሙን ሃይማኖትን ያዋረደ ነው ሲል አወገዘው፤ ዲሬክተሩም ከሹመታቸው ተሻሩ። በቢሮ የምንውል ሁሉ ነገሩን እናስበው፤ በአገራቸው ስም እጅ ነሥተው የተቀበሉት ክብር ወንበራቸውን አሳጣቸው! «ቪሪዲያና»ም በእስፓንያ ታገደ።

ፖርታቤላ ግን ከሥራው አልተለየም፤ እንዲያውም ራሱ ፊልም ማዘጋጀት ጀመረ። በ1968 ያወጣውን ፊልም «ኖክቱርኖ 29» ብሎ ሰየመው፤ ቍጥሩ ከ1939 ጀምሮ ያለፈውን የፍራንኮን አገዛዝ ዓመታት የሚቈጥር ነው። በ1969 ታላቁ ሠዓሊ ኹዋን ሚሮ በባርሴሎና የአርክቴክቶች ማኅበር ሕንፃ መስተዋት ላይ ሥዕል ሲሥል፥ በኋላም ያንኑ የገዛ ሥዕሉን ሲያጠፋው፥ ሁለቱንም በፊልም አነሣ። ከዚያም ሌላ ዲሬክተር የድራኩላን ታሪክ በቀለም ፊልም ሲያነሣ፥ ፖርታቤላ ካሜራውን ይዞ እዚያው ገባና በጥቍርና ነጭ የራሱን ፊልም አወጣ። በዚህ ፊልም ውስጥ እስከ መጨረሻው ትዕይንት ድረስ የሰው ንግግር አይሰማም። በአፍ መናገር በተከለከለበት አገር፥ ይህ ዝምታ ምን ማለት እንደ ሆነ የማይገባው ተመልካች አልነበረም ብል ያጋነንሁ አይመስለኝም።

ከሁሉ ይልቅ ልብን የሚነካው በ1974 በስውር የተሠራው «እራት» የተባለው ነው። ሳልቫዶር ፑይግ አንቲክ የተባለው ወጣት የሞት ፍርድ በተፈጸመበት ቀን፥ በፖለቲካ ምክንያት ታስረው የነበሩ አምስት ሰዎች በአንድ የገበሬ ቤት ማዕድ ከበው ስለ እስር ቤት ኑሮ ይነጋገራሉ። ጌጥ የለበትም፤ ካሜራው ያዳምጣቸዋል፤ ይኸው ነው።

ፍራንኮ በ1975 ሞቱ። በ1977 በተደረገው ነጻ ምርጫ ፖርታቤላ የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት አባል ሆኖ ተመረጠ። በዚያው ዓመት «ቪሪዲያና» ከ16 ዓመት እገዳ በኋላ ለእስፓንያ ሕዝብ ታየ፤ ፍጻሜውም ያው የካርታው ጨዋታ ነበር።