ይምርሐነ ክርስቶስ፤ ድንጋይ የቀዳው የእንጨት ሥራ

(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ቀን በአንድ የ12ኛ ክፍል ተማሪ የተደረገ ንግግር)



ጓደኞቼ ስለ ኮምፒዩተር ብናገር ይሻል እንደ ነበረ ነግረውኛል። እኔ ግን የመረጥሁት አንዲት የገጠር ቤተ ክርስቲያን ነው። እርስዋም ከላሊበላ ከተማ በስተ ሰሜን ምሥራቅ፥ በአቡነ ዮሴፍ ተራራ በዋሻ ውስጥ የቆመችው ይምርሐነ ክርስቶስ ናት።

ባለፈው የገና ዕረፍት ከአባቴ ጋራ ሄጄ አይቻታለሁ። አባቴ አናጢ ነው፤ አሁንም በሦስተኛው ረድፍ ተቀምጦ ይሰማኛል። ስለዚህ ብሳሳት የሚያርመኝ አላጣም።

ቀድሞ ወደዚያ የሚኬደው በእግርና በበቅሎ ብቻ ነበር፤ ዛሬ የመኪና መንገድ አለ። ከመኪና ተወርዶ በጥድ ዛፎች መካከል ሽቅብ ይወጣል። በዋሻው አፍ ላይ በኋለኛው ዘመን የተሠራ ግንብ ስላለ ቤተ ክርስቲያኒቱ ከውጭ አትታይም። በሩን አልፈን ስንገባ ዓይናችን ጨለማውን እስኪለምድ ቆመን ቈየን። ከዚያ በኋላ ነጭና ጥቁር መስመር እየተፈራረቀበት የተነባበረ ግድግዳ ከፊታችን ታየ።

ያሠራት ከዛጔ ነገሥታት አንዱ የሆነው ንጉሥ ይምርሐነ ክርስቶስ ነው። ገድሉ ንጉሥም ካህንም እንደ ነበረ ይናገራል። በትውፊት ከላሊበላ በፊት የነገሠ ሲሆን፥ ሊቃውንትም ሕንጻዋን በ11ኛውና በ12ኛው መቶ ዓመት መካከል ያደርጉታል። ከ1520 እስከ 1526 እ.ኤ.አ. በአገራችን የነበረው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ስለዚህች ቤተ ክርስቲያን ጽፏል። የንጉሡ መቃብር በዚያው ዋሻ ነው፤ ከበስተ ኋላም የብዙ ሰዎች አፅም ተከማችቶ ይገኛል፤ ተሳላሚዎች እንደ ነበሩ ይነገራል። ስለ ታሪክዋ ይህ ይብቃኝ፤ የምቸኩለው ወደ ግድግዳዋ ነው።

ግድግዳው እንዲህ ነው። ረዣዥም ጥርብ እንጨት በአግድሞሽ ይጋደማል። በላዩ ድንጋይ ይደረደርና በነጭ ይለሰናል፤ እንደ ገና እንጨት፥ እንደ ገና ድንጋይ እየተባለ እስከ ጣሪያው ይደርሳል። እንጨቱ ለጌጥ ብቻ የገባ አይደለም። ክብደቱን ያከፋፍላል፤ ድንጋዩም ወደ ውጭ እንዳያብጥ ያስራል። ግድግዳው ደግሞ በቀጥታ አይሄድም፤ ገባ ወጣ ይላል። አባቴ፦ «የታጠፈ ወረቀት ይቆማል፤ ያልታጠፈው ይወድቃል» ብሎ አስረዳኝ። በየበሩና በየመስኮቱ ማዕዘን የእንጨቱ ጫፍ አራት ማዕዘን ሆኖ ወጣ ብሎ ይታያል።

አሁን ወደ አክሱም ልውሰዳችሁ። በ1997 ዓ.ም. ከሮማ ተመልሶ በ2000 ዓ.ም. የተተከለውን፥ 24 ሜትር ያህል ቁመት ያለውን ሐውልት ሥዕሉን ያላየ ከመካከላችን አይኖርም። እንደ ፎቅ ቤት በርና መስኮት ተቀርጾበታል። በየፎቁ መካከልም ክብ ክብ ሆነው የወጡ ነገሮች ተደርድረዋል። የእንጨት ጫፍ ምሳሌዎች ናቸው፤ «የዝንጀሮ ራስ» ይባላሉ። ወጥ ድንጋይ ግን እንጨት ምን ያደርግለታል? ጠራቢው የሚያውቀው ትልቅ ቤት እንዲያ ስለ ነበረ በድንጋይ ቀዳው። በላሊበላ ያለውም ቤተ አማኑኤል ከአንድ አለት የተፈለፈለ ሳለ፥ ግድግዳው እንጨትና ድንጋይ የተነባበረበት መስሎ ገባ ወጣ እያለ ተቀርጿል። ቅጂዎቹን ዓለም ያውቃቸዋል። በይምርሐነ ክርስቶስ ግን እንጨቱ እንጨት ነው፤ ዋሻው ከዝናብና ከፀሐይ ጠብቆ ይህን ያህል ዘመን አቈይቶታል።

ውስጥዋንም ልተው አልችልም። መካከለኛው ክፍል ከግራና ከቀኙ ከፍ ያለ ነው። የጣሪያው እንጨት በመስቀልና በሐረግ መሰል ቅርጽ ተሸልሟል፤ በግድግዳዋ ያሉት ሥዕሎችም ከአገራችን ጥንታውያን ሥዕሎች ይቈጠራሉ። አንገቴ እስኪያመኝ ሽቅብ ስመለከት አባቴ ጎንበስ ብሎ የታችኛውን እንጨት በጣቱ ይዳስስ ነበር። አንድ አረጋዊ ካህን ይህን አይተው፦ «ልጄ፥ አናጢ ነህ አሉ። ይህ ቢበሰብስ ትተካዋለህን?» ብለው ጠየቁት። አባቴ ዝም ብሎ ቈየና፦ «አባ፥ ማስገባቱን እችል ይሆናል፤ ማውጣቱን ግን አልችልም» አለ። ላዩ ሁሉ በእርሱ ላይ ቆሞአልና።

በ30 ዓመት የአናጢነት ሥራው አባቴ «አልችልም» ሲል የሰማሁት ያን ቀን ብቻ ነው። ስንመለስ በመንገድ ላይ ብዙ አልተነጋገርንም። እኔ ግን ነገሩ ከልቤ አልወጣ ስላለኝ መጻሕፍት አገላበጥሁ። በትግራይ ያለው የደብረ ዳሞ ጥንታዊ ቤተ ክርስቲያን አሠራሩ ከዚህ ጋራ አንድ ዓይነት ነው፤ እንዲያውም እውነተኛው የዝንጀሮ ራስ በግድግዳው ተደርድሮ ይታያል። ይህን ቤተ ክርስቲያን በ1948 እ.ኤ.አ. ዴሪክ ማቲውስ የሚባል እንግሊዛዊ የሕንጻ ባለሙያ አድሶታል፤ ሥራውንም ጽፎ አሳትሟል። ስለዚህ ማደስ ይቻላል፤ የሚቻለው ግን እያንዳንዱ እንጨት ከየትኛው ጋራ እንደ ተጋጠመ የሚያውቅ ሰው ሲኖር ነው። ይህን ለአባቴ ባነበብሁለት ጊዜ እርሳስና ማስመሪያ አምጣ አለኝ።

ከዚያ ወዲህ በየቅዳሜው ማታ ያየነውን እያስታወስን እንስላለን። የጨረስነው አንዱ ሥዕል በሥዕል ክፍል ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል፤ ከሻይ በኋላ ልታዩት ትችላላችሁ። በስተ ቀኝ ያለው መስኮት ማዕዘኑ ትክክል አይደለም። አባቴ ትናንት ማታ አይቶ ነግሮኛል፤ ለማረም ግን ጊዜ አልነበረኝም።