«ሠራተኛ» የሚባለው ማን ነው?

(ዶራ፣ በእሁድ ስብሰባችን ላይ የተደረገ ንግግር)

እህቶቼ፣ ዕረፍት አግኝታችሁ የመጣችሁ እንኳን ደህና መጣችሁ። በር ተቆልፎባቸው መምጣት ላልቻሉት ደግሞ ይህ ጽሑፍ በስልክም ቢሆን ይድረሳቸው። ዓመቶቹን የምጠራው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።

ዛሬ የማወራው ስለ አንድ ቃል ነው፤ «ሠራተኛ» ስለሚለው። እኔ ያለሁበት ቤት ማዳም ቢሮ ነው የምትሠራው። በ1946 የወጣው የሊባኖስ የሥራ ሕግ የእሷን ሥራ በሳምንት ከ48 ሰዓት እንዳያልፍ ይገድባል። በየሳምንቱ 36 ሰዓት ሳይቆራረጥ ታርፋለች፣ በዓመት 15 ቀን ፈቃድ ከነደመወዙ አላት። የዚያው ሕግ አንቀጽ 7 ግን በሰው ቤት የምንሠራውን ከሕጉ ውጭ ያደርገናል። ማዳም ጠዋት ወጥታ ቢሮ የምትገባው እኛ ልጁን ስለያዝን፣ ቤቱን ስለጠበቅን ነው። የእሷ ሰዓት ይቆጠራል፤ የእኛን የሚቆጥረው የለም።

ብዙዎቻችን «አረብ አገር ስለሆነ ነው» እንላለን። እስቲ አሜሪካንን እንይ። በ1935 አሜሪካ ሠራተኞች በማኅበር የመደራጀት መብት እንዲኖራቸው ሕግ አወጣች። የፋብሪካው ሠራተኛም፣ ቢሮ ተቀምጣ ታይፕ የምትመታዋም ተጠቀሙ። ሕጉ ግን የእርሻ ሠራተኛንና የቤት ሠራተኛን በስም ጠርቶ አስወጣቸው። በ1938 ዝቅተኛ ደመወዝና የሥራ ሰዓት ሲወሰንም የቤት ሠራተኛ አልተካተተችም። ያኔ በደቡቡ ክፍል በሰው ቤት የሚሠሩት አብዛኞቹ ጥቁር ሴቶች ነበሩ።

አገራችንም ብትሆን ያው ናት። በ2019 የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156 የቤት ሠራተኛን ጉዳይ የሚኒስትሮች ምክር ቤት ለሚያወጣው ደንብ ትቶ ነው ያለፈው። ስለዚህ ነገሩ የአረብና የፈረንጅ ጉዳይ አይደለም። ቤት ውስጥ የሚሠራ ሥራ በየአገሩ እንደ ሥራ ሳይቆጠር ኖሯል።

ታዲያ አሜሪካ ውስጥ ምን ለወጠው? ሴቶቹ ራሳቸው ናቸው። በ1881 አትላንታ በምትባል ከተማ 20 የሚሆኑ ልብስ አጣቢዎች ተሰብስበው የሥራ ማቆም አድማ ጠሩ። ቤት ለቤት እየዞሩ፣ በየቤተ ክርስቲያኑ እየተናገሩ በጥቂት ሳምንት ውስጥ 3 ሺህ ያህል ሆኑ። በ1968 ደግሞ እዚያው አትላንታ ዶሮቲ ቦልደን የምትባል የቤት ሠራተኛ ማኅበር አቋቋመች። ጓደኞቿን ያገኘቻቸው ወደ ሥራ በሚያመላልሳቸው አውቶቡስ ላይ ነው፤ እዚያው እያወራች ሰበሰበቻቸው። በ1974 የዝቅተኛ ደመወዙ ሕግ የቤት ሠራተኞችንም እንዲጨምር ተደረገ። ያኔም ቢሆን አሠሪዋ ቤት የምታድረው ሠራተኛ የትርፍ ሰዓት ክፍያ አልተፈቀደላትም። እንደኛ እዚያው ሠርታ እዚያው የምታድረው ማለት ነው።

እዚህም ሙከራው አለ። በጥር 2015 ቤሩት ውስጥ የቤት ሠራተኞች ማኅበር ተመሠረተ፤ የሥራ ሚኒስቴር ግን ዕውቅና አልሰጠውም። በሊባኖስ ሕግ አንቀጽ 92 የውጭ አገር ሰው ማኅበር ውስጥ ቢገባም መምረጥም መመረጥም አይችልም። በመስከረም 2020 ሚኒስቴሩ የሥራ ሰዓትን፣ የሳምንት ዕረፍትንና ፓስፖርትን በራስ እጅ መያዝን የሚጨምር አዲስ ኮንትራት አወጣ። የኤጀንሲ ባለቤቶች ማኅበር ከሰሰና በጥቅምት የአስተዳደር ፍርድ ቤቱ አገደው። ከፋላውም እንዳለ ቀረ።

ይህን የምነግራችሁ ተስፋ ላስቆርጣችሁ አይደለም። ከአትላንታ አጣቢዎች እስከ 1974 ድረስ 93 ዓመት ነው። የጀመሩት ውጤቱን አላዩም፤ ግን ባይጀምሩት ኖሮ የሚቀጥለው አይኖርም ነበር።

እነሱ አውቶቡስ ነበራቸው። እኛ እሁድ አለን፣ ዶራና ቡርጅ ሀሙድ አለን፣ ስልክ አለን። ከዛሬ ጀምሮ አንድ ነገር እንያዝ፦ ስንት ሰዓት ተነሳሁ፣ ስንት ሰዓት ተኛሁ፣ ደመወዝ መቼና ስንት ተቀበልኩ የሚለውን በየቀኑ እንጻፍ። ደብተር የማያስይዟት በስልኳ ድምጿን ቀርጻ ለምታምናት እህት ትላክ። ኮንትራትና ኢቃማችሁንም ፎቶ አንሱ። ደመወዝ ሲከለከል፣ ጉዳዩ ጠበቃ ዘንድ ሲደርስ፣ የመጀመሪያው ጥያቄ «ማስረጃ አለሽ ወይ?» ነው።

ሕጉ ሰዓታችንን እስኪቆጥር እኛው እንቁጠረው። በሚቀጥለው እሁድ እያንዳንዳችሁ አንዲት አዲስ እህት ይዛችሁ ኑ።