ብርቱካናማ ስኳር ድንች ከማሳ እስከ ሕፃናት ማዕድ
(በዩኒየኑ የምሥረታ በዓል ላይ የቀረበ ንግግር)





በዩኒየን በዓል ላይ ስለ ማዳበሪያ፣ ስለ ምርጥ ዘርና ስለ ትርፍ ክፍፍል መነጋገር የተለመደ ነው። የዛሬው ርዕስ ግን ከመጋዘን አልፎ ጓዳ የሚገባ ነው። ይኸውም ብርቱካናማ ስኳር ድንችን ቀቅሎና ፈጭቶ ለቤተሰብ፣ በተለይም ለሕፃናት፣ ማቅረብ ነው።

በወላይታ፣ በሲዳማና በአጎራባች አካባቢዎች ስኳር ድንች የክፉ ቀን ደራሽ መሆኑ ይታወቃል። ይሁን እንጂ ከጥንት የተለመደው ውስጡ ነጭ የሆነው ዓይነት ሆድ ቢሞላም ቫይታሚን ኤ የለውም ማለት ይቻላል። ቫይታሚን ኤ የጎደለው ሕፃን ዳፍንት ይይዘዋል፤ ሲመሽ ማየት ይሳነዋል። ጉድለቱ ከበረታ ዓይኑ ለዘለቄታው ሊጠፋ ይችላል። በሽታን የመቋቋም አቅሙም ስለሚዳከም ኩፍኝና ተቅማጥ ይጠኑበታል።

ብርቱካናማውን ዓይነት ቀለም የሚሰጠው ቤታ ካሮቲን የተባለ ንጥረ ነገር ሲሆን፣ ሰውነት ይህንኑ ወደ ቫይታሚን ኤ ይለውጠዋል። በኢትዮጵያ ኩልፎና ቱላ የተባሉት ብርቱካናማ ዝርያዎች እ.ኤ.አ. በ2005 ተለቀዋል። እ.ኤ.አ. በ2016 የዓለም የምግብ ሽልማትን ካገኙት አራት ተመራማሪዎች ሦስቱ የተሸለሙት በዚሁ ሰብል ላይ በሠሩት ሥራ ነው።

ብርቱካናማው ውሃ ይበዛዋል፣ እንደ ነጩ ደረቅ አይልም የሚል ቅሬታ ከአምራቾች ይሰማል። ቅሬታው ለንፍሮ ሲሆን እውነትነት አለው። ለመፍጨት ግን ልስላሴው ጥቅም እንጂ ጉዳት አይደለም።

አዘገጃጀቱ ቀላል ነው። ትል ያልገባበት 1 ኪሎ ስኳር ድንች ይመረጣል፤ ትል የገባበት ስለሚመርር ጥቂቱም ቢሆን ሙሉውን ያበላሻል። በደንብ ታጥቦ ከነልጣጩ በትንሽ ውሃ፣ ድስቱ ተከድኖ ይቀቀላል። እንደ ውፍረቱ ከ25 እስከ 40 ደቂቃ ይፈጃል፤ ቢላዋ ያለ ችግር ከገባ በስሏል ማለት ነው። ትኩስ ሳለ ተልጦ በንጹሕ ሙቀጫ ወይም በእንጨት ማንኪያ እስኪልም ይፈጫል። ጨው ጣል ተደርጎ 2 ማንኪያ ቅቤ፣ በጾም ወቅት ደግሞ ዘይት ይጨመርበታል። ቅባቱ ለጣዕም ብቻ አይደለም፤ ቤታ ካሮቲን ወደ ሰውነት የሚገባው በቅባት አማካይነት ስለሆነ ነው። ቢጠጥር ትንሽ የፈላ ወተት ወይም ውሃ ያላላዋል።

ለአዋቂዎች ከጎመን ወይም ከባቄላ ወጥ ጎን ይቀርባል። ዕድሜው 6 ወር ለሞላው ሕፃን ጨው ሳይገባበት፣ በማንኪያ ላይ እንዲቆይ ወፈር ብሎ፣ ከእናት ጡት ወተት ጋር ይሰጣል። ስኳር ድንች ፕሮቲኑ አነስተኛ በመሆኑ ብቻውን አይበቃም። ስለሆነም የበሰለ እንቁላል ወይም በደንብ በስሎ የላመ ምስር ሊጨመርበት ይገባል።

ይህ ሁሉ የሚሆነው ግን ሐረጉ ሲገኝ ነው። ስኳር ድንች የሚተከለው በሐረግ እንጂ በፍሬ አይደለም። በጋው ሲረዝም ሐረጉ በማሳ ላይ ይደርቃል፤ ዝናብ ሲመጣም የሚተከል ይጠፋል። አንድ አባወራ ብቻውን ሐረግ ጠብቆ ማቆየት ይከብደዋል። መሠረታዊ ማኅበራት ግን በምንጭ ዳር ወይም በመስኖ አጠገብ ጥቂት ቦታ ይዘው ከበሽታ ነፃ የሆነ ሐረግ ማቆየት ይችላሉ። የወረዳ አመራሮችም ቦታውንና ውሃውን በማመቻቸት ድርሻቸውን ሊወጡ ይገባል።

ድር ቢያብር አንበሳ ያስር እንደሚባለው፣ የማኅበራት ኅብረት ገበያ ላይ ብቻ መታየት የለበትም። ምርቱ ሁሉ በጆንያ ተጭኖ ሲሄድ የአምራቹ ልጅ ዳፍንት ከያዘው፣ የትርፍ ክፍፍሉ ጉድለት አለበት። አባላት ከሚያመርቱት ላይ ለጓዳቸው የሚሆነውን አስቀድመው ቢያስቀሩ፣ በሚቀጥለው የምሥረታ በዓል የሚቆጠረው ኩንታል ብቻ አይሆንም።

መልካም በዓል ይሁን።