ዘፈናችንን ከነምርቃቱ እናቆይ

(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ላይ በተማሪዎች ስም የተደረገ ንግግር)



ዛሬ ልንናገርለት የፈለግነው ሀብት ከደጃችን ያለ ነው፤ ይኸውም የአባቶቻችንና የእናቶቻችን ዜማ ነው። ዋጋውን ለማስረዳት ግን ከሩቅ አገር በመጡ ሰው ሥራ እንጀምራለን።

ኢትሱሺ ካዋሴ የሚባሉ ጃፓናዊ የፊልም ሠሪና የባህል ተመራማሪ አሉ። እኒህ ሰው ጎንደር ተቀምጠው፣ አማርኛ ተምረው፣ ከአዝማሪዎችና ከላሊበሎች ጋር ቆይተዋል። እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር በ2005 ስለ ላሊበሎች፣ በ2006 ደግሞ በጎንደር ስላሉ የአዝማሪ ልጆች ፊልም ሠርተዋል።

ላሊበሎች ጎሕ ሲቀድ በየሰው ደጅ ቆመው ያዜማሉ። የባለቤቱን ስምና ሁኔታ ከጎረቤት ጠይቀው በዜማቸው ያስገቡታል፤ ምጽዋት ሲቀበሉም ይመርቃሉ። ዜማውን ብናቆም ቁምጥና ይይዘናል የሚል እምነት ከጥንት ጀምሮ ሲነገር ኖሯል። እርግጥ ቁምጥና በተዋስያን የሚመጣና በመድኃኒት የሚድን በሽታ መሆኑን በትምህርታችን አውቀናል፤ እምነቱ ግን የዜማው ታሪክ ክፍል ነው።

ይህን ዜማ በወረቀት ብንጽፈው ቃሉ ብቻ ይቀራል። በድምፅ መቅረጫ ብንይዘው ዜማው ይገኛል፤ በሩን ከፍታ የምትወጣው እመቤትና ለምጽዋት የሚዘረጋው እጅ ግን አይታዩም። ፊልም ሁሉንም አንድነት ይዞ ያቆያል። ዘፈን በዘፋኝና በሰሚ መካከል የሚደረግ ጉዳይ መሆኑን ከዚህ ሥራ እንማራለን።

አሁን ወደ አገራችን እንመለስ። ከፍኖተ ሰላም እስከ ቡሬ ባለው ገጠር የእረኛው ዋሽንት፣ የደቦው ዜማ፣ የሠርጉ ዘፈን፣ ሽለላውና ፉከራው የእኛው ናቸው። የማሲንቆን አንዲት ጭራ የሚያናግር ሰው ጥበቡን የተማረው የአባቱን እጅ እያየ እንጂ ከመጽሐፍ አይደለም። ስለዚህ አንድ አዋቂ ተተኪ ሳይኖረው ቢሞት ጥበቡ አብሮት ይቀበራል። አዝማሪነትን የሚያቃልል ንግግርም ልጁ ማሲንቆውን በሰው ፊት እንዳያነሣ ያደርገዋል። እፍረቱ ግን የሚያቃልለው ሰው እንጂ የልጁ አይደለም።

ጓደኞቻችን፤ ዛሬ በእጅ ስልክ ፊልም ማንሣት ይቻላል። አስቀድመን ግን የባለቤቱን ፈቃድ እንጠይቅ። ስሙን፣ ቀበሌውን፣ ቀኑንና ዘፈኑ መቼ እንደሚዜም እንጻፍ። ያነሣነውን መልሰን ለራሱ እናሳየው፤ ቢፈቅድም ቅጂውን በትምህርት ቤታችን ቤተ መጻሕፍት እናኑር።

ወላጆቻችን ሆይ፤ ልጃችሁ ስለ ዱሮው ዘፈን ሲጠይቃችሁ «ይህ ምን ይጠቅምሃል?» አትበሉት። አጠገባችሁ አስቀምጣችሁ ዝፈኑለት፤ ስትጨርሱም መርቁት። እኛም አደራውን ለመቀበል ዝግጁዎች ነን።