«ሃልብ» ሲሉኝ ወተት መስሎኝ
(ሪያድ፣ በአርብ ስብሰባችን ላይ ያደረግሁት ንግግር)



ባለፈው አርብ «ያንቺን የኩላሊት ነገር ለምን አትነግሪንም?» ስትሉኝ በሳቅ ነበር ያለፍኩት። እኔ ሐኪም አይደለሁም፤ ከአስረኛ ክፍል ወጥቼ ነው የመጣሁት። ግን እዚህ ከተቀመጣችሁት ውስጥ ሦስታችሁ ጎናችሁን ይዛችሁ ያማከራችሁኝ አላችሁ። እኔን ያስከፈለኝ እናንተን እንዳያስከፍላችሁ ብዬ ጽፌ መጣሁ።

የጀመረኝ በሐምሌ ነው። የሪያድን ሐምሌ ታውቁታላችሁ፣ ከ45 ዲግሪ በላይ የሚሆንበት ቀን አለ። የምሠራበት ቤት ፎቅ ነው፤ ለእኔ የተፈቀደልኝ መጸዳጃ ደግሞ ጣሪያው ላይ ነው። ደረጃ እንዳልመላለስ ብዬ ውሃ አልጠጣም ነበር። ይኸው ሳቃችሁ፤ እናንተም ታደርጉታላችሁ ማለት ነው።

ልብስ እየተኮስኩ ሳለ ግራ ጎኔን ከጀርባ በኩል ጨመደደኝ። ከዚያ ወደ ብሽሽቴ ወረደ። ብቀመጥ አልሆነም፣ ብተኛም አልሆነም፤ አስመለሰኝ። ማዳም ጋዝ ነው ብላ ናዕናዕ አፈላችልኝ። ክፋት አይደለም፣ የመሰላትን ነው ያደረገችው። በማግስቱ ሽንቴ ሲቀላ ግን ደንግጣ ሐኪም ቤት ወሰደችኝ።

መጀመሪያ በሶናር አዩኝ፣ እኛ አልትራሳውንድ የምንለው ነው። ኩላሊቴ ትንሽ አብጧል፣ ጠጠር ግን አይታይም አሉ። ከዚያ «አሺዓ መቅጠዒያ» አስገቡኝ፣ ሲቲ ስካን ማለት ነው። ዶክተሩ ስዕሉን አይቶ ለማዳም «ሐስዋ ፊል ሃልብ» አላት። ሐስዋ ጠጠር እንደሆነ አውቃለሁ። ሌላው ግን ለእኔ ጠዋት ጠዋት ለልጆቹ የማፈላው ወተት ነው። ጠጠር በወተት ውስጥ! እንግዲህ ወተት በመጠጣቴ ነው ብዬ ከዚያ ቀን ጀምሮ ወተት እርም አልኩ።

በኋላ ነገሩን ያስረዳችኝ አንዲት ሱዳናዊት ነርስ ናት፤ በሳቅ ልትሞት ነበር። ወተቱ «ሐሊብ» ነው፣ «ሊ» ላይ ይሳባል። ያኛው «ሃልብ» ሲባል «ሃ» ላይ ነው የሚሳበው፤ እሱ ሽንትን ከኩላሊት ወደ ፊኛ የሚያወርደው ቱቦ ነው። ወተት መተዌ ራሱ ስህተት ነበር። በምግብ የሚገባው ካልሲየም አንጀት ውስጥ ጠጠር የሚሠራውን ኦክሳሌት ይዞት ይወጣል። መቀነስ ያለብን ጨው ነው።

ቱቦው በግራም በቀኝም አንዳንድ ነው። ርዝመቱ ከ25 እስከ 30 ሳንቲሜትር፣ ከክርናችሁ እስከ እጃችሁ አንጓ ድረስ ገደማ ማለት ነው። ውስጡ ግን ከ3 እስከ 4 ሚሊሜትር ብቻ ነው። ጠጠር የሚቀረቀርበት ሦስት ጠባብ ቦታ አለው፤ ከኩላሊት ሲወጣ፣ መሀል ላይ ትልልቆቹን የደም ሥሮች ሲሻገር፣ መጨረሻ ፊኛ ውስጥ ሲገባ። የእኔ መሀለኛው ላይ ነበር። ሶናር ያላየውም ለዚህ ነው፤ መሀሉ ላይ አንጀት ይጋርደዋል፣ አንጀት ውስጥ ያለው አየር ደግሞ ለሶናር እንደ ግድግዳ ነው። ስለዚህ «ሶናር ምንም አላሳየም» ማለት «ምንም የለም» ማለት አይደለም። ሶናር ኩላሊቱ ማበጡን ያሳያል፤ ፊኛችሁ ሞልቶ ከሆነ የቱቦውንም ጫፍ ማየት ይችላል። ውሃ ጠጥታችሁ ጠብቁ የሚሏችሁ ለዚህ ነው።

ተራው ራጅ ካልሲየም ያለበትን ጠጠር በነጭ ያሳያል። ከዩሪክ አሲድ የተሠራውን ግን አያሳይም፣ በራጅ ውስጥ እንደሌለ ነው የሚያልፈው። ሲቲ ስካን ያለ ምንም መርፌ ሁሉንም ጠጠር ለማለት ይቻላል ያያል፤ የት እንዳለና ስንት ሚሊሜትር እንደሆነም ይናገራል። የሚፈጀው ጥቂት ደቂቃ ነው። ጨረሩ ግን ከተራ ራጅ ይበልጣል፤ ስለዚህ ከአንዱ ክሊኒክ ወደ ሌላው እየሮጣችሁ እንደገና አታስነሱ። ሲዲውንና «ተቅሪሩን» ጠይቃችሁ ያዙ፣ በስልካችሁም ፎቶ አንሱት።

ነፍሰ ጡር ለሆነች ግን ሶናር ነው የሚቀድመው። እዚህ ላይ ድምፄን ዝቅ ላድርግ። አንዳንዶቻችን ማዳም አጠገባችን ቆማ ነው የምንጠየቀው፣ «ሃሚል?» ሲሉን ሁላችንም «ላ» እንላለን። ለምን እንደምንፈራ አውቃለሁ፣ ማንንም አልፈርድም። ቢያንስ ማሽኑ ውስጥ ከመግባታችሁ በፊት ለሴቷ ባለሙያ ለብቻዋ «የወር አበባዬ ዘግይቷል፣ በሶናር ጀምሩልኝ» በሏት።

«ሰብጋ» ካሏችሁ በደም ሥር የሚሰጥ ቀለም ነው፤ ቱቦው ጠቦ ወይም ታጥፎ እንደሆነ ለማየት ይሰጣል። ሲገባ ሰውነት ይሞቃል፣ ሽንት ያመለጣችሁ ይመስላችኋል፤ አላመለጣችሁም። ከዚያ በፊት «ሐሳሲያ» ማለትም አለርጂ ካለባችሁ፣ ወይም የስኳር ኪኒን ሜትፎርሚን የምትወስዱ ከሆነ ተናገሩ። ኩላሊት እንዴት እየሠራ እንደሆነም በደም ይመረምራሉ።

ጠጠር ብቻም አይደለም የሚገኘው። ከአንድ ኩላሊት ሁለት ቱቦ ይዞ የተወለደ ሰው አለ፤ ብዙዎቹ ዕድሜ ልካቸውን ሳያውቁ ይኖራሉ። ሽንት ወደ ላይ የሚመለስበትም አለ። በአዋሽ ሸለቆ ወይም በኩርሙክ በኩል ያደጋችሁ ደግሞ የሽንት ቢልሃርዚያ የሚባለውን ታውቁ ይሆናል፤ እሱ ቱቦውን አጠንክሮ ያጠበዋል። ያደጋችሁበትን ቦታ ለሐኪሙ መንገር ያስፈልጋል፤ እሱ ከየት ያውቃል?

አሁን ወደ ራሴ ጥፋት ልመለስ። ኪኒን ሰጡኝ፣ በሦስተኛው ቀን ሕመሙ ጠፋ። ማዳም «ኸላስ፣ ዳንሽ» አለች፣ እኔም ኸላስ አልኩ። የሁለት ሳምንት ቀጠሮ ነበረኝ፣ አልሄድንም። ወረቀቱ ሻንጣዬ ውስጥ ነበር፤ ላዩ ላይ 8 ሚሊሜትር የሚል ተጽፎበታል። ማንበብ አቅቶኝ አይደለም፤ 8 ምን ማለት እንደሆነ ስለማላውቅ ነው። ከ5 በታች ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ በራሱ ይወጣል፣ ከ10 በላይ ከሆነ መውጣቱ ያጠራጥራል። የእኔ 8ቱ መጠበቅ ያለበት ነበር፣ እኔ ግን ረሳሁት።

ከሰባት ሳምንት በኋላ ከእናንተው አንዷ ጨቅጭቃ አስኬደችኝ። ማን እንደሆነች ራሷ ታውቃለች። ሕመም አልነበረኝም። ሶናሩ ላይ ግን ኩላሊቴ እንደ ፊኛ ተነፍቶ ታየ፤ ጠጠሩ እዚያው ተቀርቅሮ ኖሯል። ቱቦው ተዘግቶ ሲቆይ ሕመሙ ሊጠፋ ይችላል፣ ኩላሊቱ ሳያለቅስ ነው የሚጎዳው። በኋላ እያንዳንዱ ኩላሊት ስንት እንደሚሠራ የሚለካ ሌላ ምርመራ አደረጉልኝ። ሁለቱ እኩል ሊካፈሉት የሚገባውን ሥራ የእኔ ግራ 31 ከመቶውን ብቻ ነው የሚሠራው። አሁንም እንደዚያው ነው።

መጀመሪያ «ደዓማ» አስገቡልኝ፤ ቱቦው እንዳይዘጋ ውስጡ የሚቀመጥ ቀጭን ፕላስቲክ ነው። ከዚያ ጠጠሩን በሌዘር ሰባብረው አወጡት፣ በቀጠሮው ቀን ደዓማውንም አወጡ። ይቺን ነገር አደራ፦ ደዓማ ይዞ አገር አይገባም። ከገባችሁም በደረሳችሁ ሰሞን ጥቁር አንበሳም ይሁን ሌላ የሽንት ቧንቧ ሐኪም ያለበት ሆስፒታል ሄዳችሁ አስወጡት። አንዲት የወሎ እህት ኮንትራቷ አልቆ ከነደዓማዋ ገብታ ከዓመት በላይ ተቀመጠች። ጠጠር በላዩ በቅሎበት ለማውጣት ሌላ ቀዶ ሕክምና አስፈለጋት። እንዳለ እንኳ ረስታው ነበር።

የጎን ሕመም ከትኩሳትና ብርድ ብርድ ከማለት ጋር ከመጣ ወይም ሽንት ከቆመ ግን ቀን አትቁጠሩ፣ በዚያው ሌሊት ሂዱ። ቀይ ጨረቃ 997 ነው፤ ለምክር የጤና ሚኒስቴሩ 937 አለ። የቤት ሠራተኞች ደንብም በሐኪም ማስረጃ በዓመት እስከ 30 ቀን የሕመም ፈቃድ ይሰጣል። ማዳም ባታውቅ ተቅሪሩን አሳይዋት።

ውሃውን እንግዲህ ሽንታችሁ ገርጣ እስኪል ጠጡ፤ በረመዳንም ከኢፍጣር እስከ ሱሑር ድረስ ከፋፍላችሁ። እኔ አሁን ጣሪያው ድረስ እመላለሳለሁ፣ ጉልበቴ ይወቅ።

የመጀመሪያውን ፊልም ይዤው መጥቻለሁ። በመስኮቱ በኩል ብርሃን አስይዛችሁ እዩት፤ በግራ በኩል፣ ከአከርካሪው አጠገብ ያለችው ነጭ ነጥብ እሷ ናት። ስትጨርሱ መልሱልኝ፣ ለሚቀጥለው ወር ቀጠሮ እፈልጋታለሁ።