ፈቃዱ የማን ነው? ሕፃናት በዘጋቢ ፊልም



ንግግሬን የምጀምረው ከራሴ ጥፋት ነው። ከዓመታት በፊት ስለ ጫካ ቡና ዘጋቢ ፊልም ለመሥራት ከቦንጋ ተነሥተን ወደ ማንኪራ ዘልቀን ነበር፤ የቡና መገኛ ናት እየተባለ የሚነገርላት ማንኪራ። በዚያም አያቷን ተከትላ ቀይ የቡና ፍሬ የምትለቅም፣ አምስት ዓመት እንኳ የማይሞላት ልጅ አየን። የፀሐይ ብርሃን በዛፎቹ መካከል እስኪገባ ጠብቀን ደግማ እንድትለቅም ጠየቅናት። ሦስት ጊዜ ለቀመች። ልጅቱ የምታውቀው ካፊኖኖ ብቻ ስለነበር አስጎብኚያችን አስተረጎመልን። አያትየዋም ፈቀዱ፤ በቅጹ ላይ በአውራ ጣታቸው ፈረሙ። በወረቀት ረገድ አንዳች አልጎደለም።

ምስሉ በእኛ ፊልም የቡና አገር ውበት ማሳያ ሆነ። ቆይቶ ያው ምስል ተቆርጦ፣ በሌሎች ሥራ ውስጥ ስለ ሕፃናት ጉልበት ብዝበዛ ሲናገር አየሁት። ልጅቱ ግን ከአያቷ ጋር ጫካ የወጣች ልጅ እንጂ ሁለቱንም አልነበረችም።

ከዚህ እጅግ የሚከብደውን ታሪክ ታላላቆቻችሁ ያስታውሱታል። በ1977 ዓ.ም. ረሀብ የካናዳ ቴሌቪዥን ባልደረቦች በትግራይ ለሞት የተቃረበች ሕፃን ቀረጹ፤ ብርሃን ወልዱ ትባላለች። ምስሏ ሐምሌ 6 ቀን 1977 ዓ.ም. በላይቭ ኤይድ ኮንሰርት ላይ ከዘፈን ጋር ተቀናብሮ ለዓለም ታየ። ሕፃኗ ግን ተርፋ ነበር፤ ሰኔ 25 ቀን 1997 ዓ.ም. በለንደን ሃይድ ፓርክ መድረክ ላይ ቆመች። ያ ምስል ለርዳታ ልብ ማነሣሣቱን አልክድም። ልጁ በእጁ ላይ የምትሞትበት አባት ለካሜራ እምቢ ይበል ማለትም ከንቱ ነው። እኔን የሚያሳስበኝ ከዚያ በኋላ ያለው ነው። ዘጋቢው ብራያን ስቱዋርት ተመልሶ ፈልጓታል፤ በትምህርቷም ረድቷታል። ስንቶቻችን እንመለሳለን?

አገራችን የተቀበለችው የሕፃናት መብቶች ኮንቬንሽን፣ አንቀጽ 12፣ ለሕፃኑ ሐሳብ እንደ ዕድሜውና እንደ ብስለቱ ክብደት ይሰጠው ይላል። ልብ በሉ፤ የሐሳቡ ክብደት ከልጁ ጋር ያድጋል ማለት ነው። እኛ የምናስፈርመው ቅጽ ግን አያድግም፤ በአምስት ዓመቷ የተፈረመላት በሃያ ዓመቷም ያስራታል። ስለዚህ ተማሪዎቼን ፈቃድ በየዕድሜው እንዲታደስ፣ ፊልሙም በልጁ ቋንቋ ለልጁ እንዲታይ እጠይቃለሁ። ወጪ አለው፤ የማንኪራ መንገድም በክረምት ቀላል አይደለም።

ከአምስት ዓመት በኋላ ፊልሙን በላፕቶፕ ይዤ ተመለስኩ። ልጅቱ ከአያቷ ጎን ተቀምጣ ዝም ብላ አየች። ከዚያም ንፍጧ የሚታይበት ቦታ እንዲወጣላት ጠየቀች። ስንት ጊዜ ያየሁት ምስል ነው፤ ንፍጡን አላስተዋልኩትም ነበር። ከእኛ ቅጂ አወጣነው። ሌላው ቅጂ ዛሬም እጄ በማይደርስበት ቦታ ይታያል።