ከኋላ የሚቆም ሰው

በዓመታዊው የምሩቃን ቀን የቀረበ ንግግር



አዘጋጆቹ ደውለው «ሐኪም ስለሆንሽ አንድ ነገር በይን» ሲሉኝ ስለ ደም ግፊትና ስለ ስኳር እንደማወራ ገምተው ይሆናል። ዕድሜያችን ነውና አልፈርድባቸውም። እኔ ግን ዛሬ የማወራችሁ ስለ ሴራሚክ ነው። አትሳቁ! ቅድም በሻይ ሰዓት ስትጨዋወቱ ሰምቻችኋለሁ። ከገርጂ እስከ አያት ቤት የማያድስ ሰው በመካከላችን ያለ አይመስልም። አንዱ ኪችን ካቢኔት ያስቀይራል፣ አንዷ ኮርኒስ ታሠራለች፣ የሌላው ባለሙያ ደግሞ ቀብድ ተቀብሎ ስልክ አያነሳም። ዋጋውን ሁላችንም በቃላችን እናውቀዋለን። ቤታችን የሚገቡት ልጆች ሙያውን የት እንደተማሩ ግን አንድም ሰው ሲጠይቅ አልሰማሁም። እኔም አልጠየቅሁም ነበር።

የእኔ ታሪክ የሚጀምረው በተመረቅንበት ዓመት ነው። በ1997 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ኮንዶሚኒየም ምዝገባ ሲካሄድ ከአንዳንዶቻችሁ ጋር ተሰልፌ ተመዝግቤያለሁ። «ይሄ ቤት የሚደርሰው ለልጆቻችን ነው» ብለን እንደቀለድን ታስታውሱ ይሆናል። ቀልዱ እውነት ሊሆን ትንሽ ነው የቀረው። ከብዙ ዓመት በኋላ ዕጣው ወጣልኝና ቦሌ አራብሳ ቁልፍ ተረከብኩ። የተረከባችሁ ታውቁታላችሁ፤ ወለሉ ባዶ ሲሚንቶ ነው፣ የቀረውን ባለቤቱ ያጠናቅቃል።

በሰው በሰው አንድ ሴራሚክ ሠሪ አገኘሁ። በካሬ ዋጋ ነገረኝ፤ እኔም ተከራከርኩ። በመጨረሻ «እሺ ዶክተር፣ ለእርስዎ ስል» ብሎ ወረደልኝ። ከምኑ ላይ ቀንሶ እንደወረደ አልጠየቅሁትም። በኋላ ነው የገባኝ፤ የቀነሰው የራሱን ጊዜ ነበር። በዚያው ሳምንት ሰሚት ሌላ ሥራ ያዘና የእኔን ቤት ለረዳቱ ትቶለት ሄደ።

ረዳቱ የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ልጅ ነው። ከወሎ ከመጣ ዓመት አልሞላውም። ሲሚንቶ ሲያቦካና ሲያቀብል ቆይቶ ግራይንደር ከጨበጠ ገና ሦስት ሳምንቱ ነበር። እኔ ድንገተኛ ክፍል ተረኛ ሆኜ ሳለ ስልኬ ጮኸ። «ዶክተር፣ ልጁን ትንሽ ቆረጠው» አሉኝ። እኔ ወዳለሁበት አምጡት አልኩ። እጁን በጨርቅ ጠቅልለው አመጡት። ጨርቁን ስፈታው ዲስኩ የግራ እጁን የሌባ ጣትና የመሐል ጣት ጅማት በጥሶታል። ሐኪሞች ለሆናችሁ ቦታውን ልንገራችሁ፣ ዞን ሁለት ነው። ለሌሎቻችሁ ደግሞ፣ ጅማቱ በጠባብ ቱቦ ውስጥ የሚያልፍበት፣ በደንብ ተሰፍቶ እንኳ ተጣብቆ ሊቀር የሚችልበት ቦታ ማለት ነው።

የሥራ ባልደረባዬ የሆነ የአጥንት ሐኪም ሰፋለት። በማግስቱ አልጋው አጠገብ ቁጭ አልኩና «የዲስኩን መከላከያ ለምን አወለቃችሁት?» አልኩት። አልገባውም። ወረቀት ላይ ግራይንደር ሥዬ፣ ከዲስኩ ግማሽ በላይ የሚሸፍነውን ብረት አሳየሁት። ዝም ብሎ አየውና «እኔ ስመጣም አልነበረም» አለኝ። መከላከያ ያለው ግራይንደር በሕይወቱ አይቶ አያውቅም።

የሕክምናውን ወጪ ከፈልኩ። ይህን የምነግራችሁ እንድታመሰግኑኝ አይደለም። የአሠሪና ሠራተኛ ሕጋችን፣ አዋጅ 1156/2011፣ አሠሪ ለሠራተኛው የአደጋ መከላከያ እንዲያቀርብ ያስገድዳል። ለመሆኑ እኔ ቤት አሠሪው ማን ነበር? «ኮንትራት ሰጥቻለሁ» ብዬ ራሴን ላጽናና ሞከርኩ፤ እንቅልፍ ግን አልሰጠኝም። ልጁ የተቆረጠው እኔ የመረጥኩትን ሴራሚክ ሲቆርጥ፣ እኔ ባስወረድኩት ዋጋ ነው።

እስቲ እኛ እንዴት እንደተማርን እናስታውስ። ጥቁር አንበሳ የመጀመሪያውን የደረት ቱቦ ሳስገባ ከኋላዬ ሲኒየር ሬዚደንት ቆሞ ነበር። ተሳስቼ ጎድን አጥንቱ ሥር ልገባ ስል አንጓዬን ያዘኝ። ሰደበኝም፤ ስድቡን እስከ ዛሬ አልረሳሁትም! በሽተኛው ግን ምንም አልሆነም። ከዚያ ሎግቡኬ ላይ ፈረመልኝ። እኛም የተማርነው በሰው ገላ ላይ ነው። ከዚያ ልጅ የምንለየው በጭንቅላታችን አይደለም፣ ከኋላችን ሰው በመቆሙ ነው።

በሥራ ላይ መማር በራሱ ነውር የለውም። ፌሮ፣ ሊሾ፣ ዞኮሎ የምንላቸው ቃላት ከጣልያንኛ የመጡ ናቸው። በመማሪያ መጽሐፍ አልገቡም፤ ከግንበኛ ወደ ግንበኛ በጆሮ ተላልፈው ነው እኛ ዘንድ የደረሱት። ሙያውም አብሯቸው ተላልፏል። አሁን የጎደለው አስተማሪው አጠገብ መሆኑ ነው።

ለምን ጎደለ? የኮንዶሚኒየሙ ሥራ ሲጀመር የሙከራ ግንባታው እዚሁ ገርጂ ነበር፤ የጀርመኑ ጂቲዜድም አብሮ ሠርቶበታል። በኋላ በከተማው ሁሉ ብሎኬት የሚያመርቱ፣ በርና መስኮት የሚበይዱ፣ ኤሌክትሪክና ቧንቧ የሚዘረጉ ወጣቶች በጥቃቅንና አነስተኛ ተደራጅተው ሠሩ። ከፕሮግራሙ ዓላማዎች አንዱ ሥራ መፍጠርና ሙያ ማስያዝ ነበር፤ ብዙዎችም በእሱ ሰው ሆነዋል። የቤቱ ውስጥ ማጠናቀቂያ ግን በአብዛኛው ለባለቤቱ ተተወ። ሴራሚኩ፣ ጂፕሰሙ፣ ቀለሙ ፎርማንም መሐንዲስም በሌለበት፣ በሦስት ሰው ቡድን፣ በየቤታችን የሚሠራ ሆነ። ማሠልጠኛው እንግዲህ የእኛ ሳሎን ነው ማለት ነው።

ክፍያውስ? በካሬ ነው የምንከፍለው። በካሬ የሚከፈለው ሰው ረዳቱን ለማሳየት ሥራውን ሲያቆም ይከስራል። ልጁ አበላሽቶ ሲያፈርስ ደግሞ ሁለት ጊዜ ይከስራል። ሕክምናም በካሬ ቢከፈል ኖሮ ያ ሲኒየር ከኋላዬ ይቆም ነበር ብላችሁ ነው?

መደበኛው መንገድ የለም እያልኩ አይደለም። ከዘውዱ ዘመን ጀምሮ የምናውቀው ተግባረ ዕድ አለ፣ እንጦጦ አለ፣ ጀነራል ዊንጌት አለ፣ በእኛም በኩል ምሥራቅ ፖሊቴክኒክ አለ። ሥልጠናው በደረጃዎች ተከፍሎ ይሄዳል። በትብብር ሥልጠናው አሠራር 70 በመቶው በሥራ ቦታ፣ 30 በመቶው በተቋሙ ውስጥ እንዲሆን ታስቧል። ሲኦሲ የምንለው የብቃት ምዘናም የጽሑፍና የተግባር ፈተና አለው፤ ሙያውን በሥራ ላይ የለመደ ሰውም ሊመዘን ይችላል። ችግሩ እንዲህ ነው፤ ያ 70 በመቶ የሥራ ቦታ ይፈልጋል፣ የማጠናቀቂያው የሥራ ቦታ ደግሞ ቤታችን ነው። ወረቀቱን ይዞ የመጣውንም በራችን ላይ የሚጠይቀው የለም። ካልተጠየቀ ለምን ይለፋል?

አደጋው ደግሞ በጣት አያበቃም። ሴራሚክና ግራናይት ሲቆረጥ የሚነሳው ነጭ ብናኝ ሲሊካ አለበት። ሳንባ ውስጥ ጠባሳ ይሠራል፣ ለቲቢም ያጋልጣል፤ ጠባሳውን የሚመልስ መድኃኒት የለም። አውስትራሊያ በፈረንጆቹ 2024 ለኩሽና መደርደሪያ የሚሆነውን ሰው ሠራሽ ድንጋይ የከለከለችው በዚሁ ምክንያት ነው። እኛ ግን የሚያስል ሠራተኛ ሲመጣ አክታውን እንመረምርና «ቲቢ የለም» ብለን እንሸኘዋለን። ሥራው ምን እንደሆነ ካርዱ ላይ የምንጽፍ ስንቶቻችን ነን? የዚያን ልጅ ካርድ መልሼ አየሁት። «የእጅ ቁስል» ይላል። መሣሪያው አልተጻፈም። የጻፍኩት እኔ ነኝ።

ባለፈው ዓመት ገርጂ የእናቴን መታጠቢያ ቤት ማደስ ነበረብኝ። በዚህኛው ጊዜ ሲኦሲ ያለው ባለሙያ ፈለግሁ፤ ሁለት ሠልጣኞች ይዞ መጣ። በካሬው ላይ ለሚያስተምርበት ጊዜ የቀን ሒሳብ ጨመርኩ፤ በምትኩ ሥራው ሲሠራ እሱ እንዳይጠፋ ተስማማን። ሴራሚኩ የሚቆረጠው በውሃ በሚሠራ ማሽን እንዲሆንም ተነጋገርን። ወጪው ወደ አንድ አምስተኛ ጨመረ፣ ሥራውም አሥራ አንድ ቀን ዘገየ። እናቴ «ተማሪ ቤት ከፈትሽብኝ» እያለች ምሳ ስታቀርብላቸው ከረመች። ከሠልጣኞቹ አንደኛው የወለሉን ተዳፋት አበላሸው፤ ውሃው ወደ ማፍሰሻው መሄዱን ትቶ በሩ ሥር ተኛ። ባለሙያው አልጮኸበትም። ውሃ ልኩን ሰጠው፣ ራሱ እንዲለካ አደረገው፣ ከዚያ አብረው አፈረሱት። በሩ ላይ ቆሜ ሳያቸው ያ ሲኒየር ሬዚደንት ትዝ አለኝ። ስድቡ ብቻ ነው የቀረው።

ያ ልጅስ? አሁን ሃያት አካባቢ ቀለም ይቀባል። ሌባ ጣቱ ሙሉ በሙሉ አይታጠፍም። በቅርቡ ልጠይቀው ሄድኩ። የራሱ ረዳት ይዟል። «መከላከያ የሌለውን ግራይንደር እንዳትነካ ብዬዋለሁ» አለኝ፤ ደስ አለኝ። ይህን ሲለኝ ግን የቆመው በርሜል ላይ በተጋደመ አንድ ጣውላ ላይ ነበር። አንዱን ትምህርት በጣቱ ገዛው፤ ይህኛውን በምን ሊገዛው ነው? ስለ ምዘናው አንስቼለት «ዶክተር፣ የምዝገባውም የፈተናውም ቀን እንጀራዬ ነው» አለኝ። መልስ አልነበረኝም።

ስለዚህ ሦስት ነገር ልለምናችሁ። ቤት የምታድሱ፣ በሩ ላይ ጠይቁ፤ ማን ነው የሚሠራው፣ ማንስ ነው ከኋላው የሚቆመው? ለዚያ ለሚቆመው ሰው ክፈሉ። መምህሮቻችን፣ ተማሪዎቻችሁን በዓመት አንድ ጊዜ እንኳ ወደ ፖሊቴክኒኮቹ ላኩልን። የመጀመሪያ እርዳታ፣ ስለ ብናኝ፣ ስለ ኤሌክትሪክ ያስተምሩ፤ ራሳቸውም ሥራውን ይዩ። ካርድ ላይ የበሽተኛውን ሥራና የጎዳውን መሣሪያ መጻፍንም አስለምዷቸው። ለማኅበራችን ደግሞ፣ ከመዋጯችን ላይ ለምዘና ለሚቀመጡ ሠራተኞች የፈተና ቀን ውሏቸውን የሚሸፍን ትንሽ ገንዘብ እንመድብ። የመጀመሪያውን መዋጮ እኔ ዛሬ ይዤ መጥቻለሁ፤ መጠኑ ያኔ ከዚያ ሴራሚክ ሠሪ ላይ ያስወረድኩት ብር ነው።

የመጀመሪያው ተፈታኝ ማን እንዲሆን እንደምፈልግ ታውቃላችሁ። ሙያው ቀለም ቅብ ነው፤ እምቢ እንዳይለኝ እናንተም አግዙኝ።